ባለቤቴ በጻፍኩት መስታወት ውስጥ ራሱን አጣው

ጥያቄ

ይድረስ ለእትዬ፤

ዕድሜዬ 38 ነው። አዲስ አበባ ውስጥ በአንድ የግል ድርጅት በሒሳብ ሠራተኝነት አገለግላለሁ። ካገባሁ 13 ዓመት ሆኖኛል፤ የ11 ዓመት ሴትና የ7 ዓመት ወንድ ልጅ አሉን። ባለቤቴ በሙያው ቀያሽ ነው፤ ጨዋ፣ ቁጥብና ለቤቱ የሚያስብ ሰው ነው። ችግሬን ለመናገር ግን አስቀድሜ ስለ አንድ ደብተር መንገር ይኖርብኛል።

ላለፉት ሦስት ዓመታት ልጆቹ ከተኙ በኋላ ወጥ ቤት ውስጥ ባለችው ጠረጴዛ ላይ ተቀምጬ ልብ ወለድ ስጽፍ ቆይቻለሁ። ታሪኩ የሚፈጸመው «ጽላሎት» ብዬ በሰየምኳት፣ በየትኛውም ካርታ ላይ በሌለች አገር ነው። ከጽላሎት ከተማ ሥር ዋሻ አለ፤ በዋሻው ውስጥ ከጥቁር ባልጩት የተሠሩ ሰባት መስታወቶች ቆመዋል። የአገሩ ሰው ሁሉ 30 ዓመት በሞላው ቀን ብቻውን ወደ ዋሻው ይወርድና ያልኖረውን ሕይወቱን ያያል፤ ማለትም በአንድ ወቅት መንታ መንገድ ላይ ቆሞ የተወው መንገድ ወዴት ያደርሰው እንደነበር መስታወቱ ያሳየዋል። መስታወቱ ምስል እንጂ ድምፅ የለውም፤ ወደ ውስጡ መግባትም አይቻልም። ሁለተኛ ማየት ክልክል ነው፤ ሦስት ጊዜ ያየ ደግሞ ጥላው ከዋሻው ሳይወጣ ይቀራል።

በዘጠነኛው ምዕራፍ ዋናዋ ገጸ ባሕርይ ወለላ፣ የአንድ ሸማኔ ሚስት፣ ወደ ዋሻው ትወርዳለች። በመስታወቱ ውስጥ ራሷን ከባሕር ማዶ ባለች ከተማ፣ ጣሪያው ከፍ ባለ ቤተ መጻሕፍት፣ ጸጉሯን በአጭሩ ተቆርጣ፣ ብቻዋን ተቀምጣ ስትስቅ ታያለች። ባሏም ልጆቿም በዚያ የሉም። ከዋሻው ስትወጣ ባሏ ጋቢ ይዞ ደጃፉ ላይ እየጠበቃት ነው። «ምን አየሽ?» ሲላት «ምንም አላየሁም» ትለዋለች። ምዕራፉ እዚህ ላይ ያበቃል።

ባለፈው ወር ባለቤቴ የልጆቹን የትምህርት ቤት ክፍያ ደረሰኝ ሲፈልግ ደብተሩን አገኘና አነበበው። እንደምጽፍ ያውቅ ነበር፤ ሆኖም «ሲያልቅ ታነበዋለህ» ብዬው ስለነበር ነክቶት አያውቅም። የዚያን ዕለት ማታ ደብተሩን ጠረጴዛው ላይ አስቀምጦ «ወለላ አንቺ ነሽ አይደል?» አለኝ። በድንጋጤ «ኧረ ልብ ወለድ ነው! እንዲሁ የፈጠርኩት ነው» አልኩት። «እሺ» ብሎ ተነሣ። ከዚያ ቀን ጀምሮ ሳሎን፣ በወጣትነቱ ይጫወትበት ከነበረውና ዛሬ በጨርቅ ተጠቅልሎ ከተሰቀለው ክራሩ ሥር፣ ሶፋ ላይ ይተኛል። አይጮኽም፤ አይቆጣም፤ የወሩን አስቤዛ እንደ ወትሮው ያመጣል፤ ልጆቹን ትምህርት ቤት ያደርሳል። እኔን ግን ከሰላምታ በቀር አያነጋግረኝም። ሴት ልጄ «አባዬ ለምንድን ነው ሳሎን የሚተኛው?» ብላ ስትጠይቀኝ የምመልሰው አጣሁ።

ለምን እንዲህ እንደተጎዳ እንዲገባዎ ይህንንም ልንገርዎ። በ2003 ዓ.ም. ዲቪ ደርሶኝ ነበር። ያን ጊዜ ከእሱ ጋር ተጫጭተናል። እናቱ ታምመው አልጋ ይዘው ነበር፤ ያለ እሱም ልጅ ስላልነበራቸው ጥሏቸው ሊሄድ አይችልም። «ከፈለግሽ ሂጂ፤ እኔ አልይዝሽም» አለኝ። አባቴም ሂጂ አሉኝ። ሕልሜ እዚያ ሄጄ ሥነ ጽሑፍ መማር ነበር። ሂደቱን ጀምሬ ሳልገፋበት ቀነ ገደቡ አለፈ። ማንም አላስገደደኝም። እናቱ ሠርጋችንን አይተው በዓመቱ አረፉ፤ ስለ ዲቪው ከዚያ ወዲህ በቤታችን ተነሥቶ አያውቅም።

አሁን ደብተሩን በቢሮ መሳቢያዬ ውስጥ ቆልፌበታለሁ። አንዲት የሥራ ባልደረባዬ ረቂቁን ለአሳታሚ እናሳየው ትለኛለች፤ እኔ ደግሞ አንዳንዴ ባሌ ዓይኑ እያየ ባቃጥለው ይመለስልኝ ይሆን እላለሁ። ዘጠነኛውን ምዕራፍ ብቻ ላውጣው ይሆን? ሸማኔው ሻይ ሲጠጣ ዓይኑን የሚጨፍነው ልክ እንደ ባለቤቴ ስለሆነ፣ ቢታተም ዘመድ ሁሉ የሚያውቀው ይመስለኛል። ከሁሉ በላይ የሚያስጨንቀኝ ግን ወለላ እኔ ልሁን አልሁን ራሴም አለማወቄ ነው። ለካ ስጸጸት ኖሬያለሁ?

የጽላሎት ጸሐፊ፣ ከአዲስ አበባ

መልስ

ውድ እህቴ፤

«እትዬ» ብለሽ ስለጻፍሽልኝ እኔም አንቺ እያልኩ ልመልስልሽ፤ እንደ ድፍረት አትቁጠሪብኝ። ደብዳቤሽን ሁለት ጊዜ አነበብኩት። በመጀመሪያው ንባብ ዓይኔ ያረፈው በቤተ መጻሕፍቱ ላይ ነበር፤ የአንቺም ጭንቀት ያለው እዚያ ይመስለኛል። በሁለተኛው ንባብ ግን ከጋቢው ላይ መነሣት አቃተኝ። አንድ ሰው ሚስቱ ያልኖረችውን ሕይወት ልታይ ወደ ጨለማ ስትወርድ አልከለከላትም፤ ስትወጣ ይበርዳት ይሆናል ብሎ ጋቢ ይዞ ደጅ ቆመ። ምን እንዳየች ሲጠይቃት ግን «ምንም» አለችው። ባለቤትሽን ያቆሰለው የመስታወቱ ምስል ሳይሆን ይህች አንዲት ቃል ትመስለኛለች። ለምን ብትዪ፣ ደብተሩን ጠረጴዛው ላይ አስቀምጦ የወለላ ባል የጠየቀውን ጥያቄ ጠየቀሽ፤ አንቺም ወለላ የመለሰችውን መለስሽለት። «ልብ ወለድ ነው፤ እንዲሁ የፈጠርኩት ነው» ማለት በእሱ ጆሮ «ምንም አላየሁም» ከማለት የሚለይ አይመስለኝም። ምዕራፍ ዘጠኝ በገዛ ቤቱ ተደገመበት።

በእርግጥ ይህ የእኔ ግምት ነው። እኔ የማውቀው በአንቺ ብዕር የመጣልኝን ባል ብቻ ነው፤ እሱን ራሱን ጠይቀሽ ግምቴ ስሕተት ሆኖ ብታገኚው አይከፋኝም። ሆኖም የሚያስቀይመው ምኞትሽ ብቻ ቢሆን ኖሮ «ይህ ምንድን ነው?» ብሎ ይቆጣ ነበር እላለሁ። እሱ ግን «እሺ» ብሎ ነው የተነሣው፤ እንዲህ ያለ «እሺ» አብዛኛውን ጊዜ መልሱን አስቀድሞ ከሚያውቅና ከአንደበትሽ እንዲሰማው ከሚፈልግ ሰው የሚወጣ ነው።

ስለዚህ በመጀመሪያ ደብተሩን ስለማቃጠል ያነሣሽውን ልመልስ። እባክሽ አታቃጥዪው። ሥነ ጽሑፍ ትጎዳለች ብዬ አይደለም። እሱ አቃጥዪልኝ አላለሽም። ዓይኑ እያየ ብታቃጥዪው የሦስት ዓመት ሌሊትሽን ያስከፈለሽ ባለ ዕዳ ታደርጊዋለሽ፤ ከዚያ በኋላ ደግሞ ወለላ ያየችውን ለመናገር ቀርቶ ወለላ ራሷ እንደነበረች የሚያስታውስ ነገር በቤታችሁ አይኖርም። ዘጠነኛውን ምዕራፍ ቆርጦ ማውጣትም ያው ነው። የተቆረጠ ምዕራፍ ሁለታችሁም የምታውቁት፣ ግን የማትነጋገሩበት ነገር ሆኖ ይቀመጣል፤ ከዲቪው ጋር ሁለት ይሆናሉ ማለት ነው።

«ለካ ስጸጸት ኖሬያለሁ?» ላልሽው አዎንም አይደለምንም ልመልስልሽ አልችልም፤ ነገር ግን ቃሉን አብረን እንመልከተው። በቋንቋችን ጸጸት በሠሩት ጥፋት ላይ የሚሰማ ነው። ቁጭት ደግሞ ከእጅ ስላመለጠ ነገር ነው። ናፍቆት አንድ ጊዜ የቀመሱትን መፈለግ ነው፤ «የማያውቁት አገር አይናፍቅም» የሚባለውም ለዚህ ይመስለኛል። አንቺ በደብዳቤሽ ያጠፋሁት ጥፋት አለ አላልሽም፤ ያን አገርም አላየሽውም። የሚቀርሽ ቁጭት ነው፤ ቁጭት ደግሞ ባልንና ልጆችን ሳይጠሉ፣ ቤትንም ሳይሰለቹ የሚያዝ ነገር ነው። ሰው ልጁን አቅፎ እየሳመ ሊቆጭ ይችላል። ይህ ልዩነት ለአንቺ ብቻ ሳይሆን ለእሱም ያስፈልገዋል፤ ምክንያቱም እሱ በዚያ ምዕራፍ ውስጥ ያነበበው ቁጭትን ሳይሆን ጸጸትን ይመስለኛል፤ ጥፋቱም እሱ ራሱ ሆኖ ታይቶታል።

ቁጭት እንዴት እንደሚሠራ የሚያሳይ አንድ የማልረሳው ጥናት አለ። እኛ የባርሴሎናን ኦሊምፒክ የምናስታውሰው በደራርቱ ቱሉ ወርቅ ነው፤ በዚያው ጊዜ በ10,000 ሜትር አዲስ አበበ፣ በ5,000 ሜትር ደግሞ ፊጣ ባይሳ ነሐስ አምጥተዋል። ሜድቬክ፣ ማዴይና ጊሎቪች የተባሉ ተመራማሪዎች ከዚያ ውድድር የተቀረጹ የቴሌቪዥን ምስሎችን ለተማሪዎች አሳይተው የተሸላሚዎቹን ፊት አስገመቷቸውና ውጤቱን በ1995 እ.ኤ.አ. አሳተሙ። ሁለተኛ የወጡት ከሦስተኞቹ ይልቅ ደስ ሊላቸው ይገባ ነበር፤ የተገኘው ግን ተቃራኒው ነው፤ በነሐስ ተሸላሚዎቹ ፊት ላይ የተነበበው ደስታ ይበልጥ ነበር። ተመራማሪዎቹ እንዳስረዱት ብር ያገኘው ሰው ለጥቂት ያመለጠውን ወርቅ እያየ ይብሰለሰላል፤ ነሐስ ያገኘው ግን ከኋላው ያለውን፣ ባዶ እጁን የሚመለሰውን አራተኛውን እያየ ተመስገን ይላል። ሁለቱም ሜዳሊያ አንገታቸው ላይ አለ፤ የሚለያዩት ወዴት በሚያዩት ነው።

አሁን ወደ ዋሻሽ ልመለስ። ሰባት መስታወት አቁመሻል፤ እስከ ዘጠነኛው ምዕራፍ ወለላ የተመለከተችው በአንዱ ብቻ ነው። ቀሪዎቹ ስድስቱ ምን ያሳያሉ? ስጠይቅሽ ለወጉ አይደለም፤ በእውነት ማወቅ እፈልጋለሁ። ወለላ ባሕሩን ተሻግራ ቤተ መጻሕፍቱን ያላገኘችበት መስታወት አለ? ሄዳ፣ ተምራ፣ ግን አማቷ ሊሞቱ ሲያጣጥሩ እጃቸውን የያዘ ሰው ያልነበረበትስ? ሸማኔው ሌላ ሴት ጋቢ ይዞ የሚጠብቅበትስ? ያቆምሽው መስታወት የብር ተሸላሚ መስታወት ነው፤ የሚያየው ወደ ላይ፣ ያውም ለጥቂት ወዳመለጠው ብቻ ነው። ይህ የድርሰቱ ጉድለት ነው ብዬ አልነቅፍሽም፤ ልብሽ የት ላይ እንደቆመ ግን ያሳያል።

በዚያ በአንዱ መስታወት ውስጥ እንኳ ብዙ ነገር ተዘልሏል። የዲቪ ዕጣ የደረሰው ሁሉ ቪዛ እንደማያገኝ አንቺም ታውቂያለሽ። ያን ጊዜ ሕጉ በዓመት የሚፈቅደው እስከ 55,000 ቪዛ ነበር፤ የሚመረጠው ሰው ግን ከዚያ በላይ ስለነበረ ወረቀቱን አሟልቶ፣ ቃለ መጠይቁን አልፎ፣ የአሜሪካ የበጀት ዓመት ሴፕቴምበር 30 ሳይዘጋ ቪዛውን ያላገኘ ዕድሉ ያልፍበት ነበር። በመስታወቱ ውስጥ ወለላ ይህን ሁሉ ዘልላ በቀጥታ ወንበር ላይ ተቀምጣለች። ቪዛው ተገኝቶ ቢሆን ደግሞ በዋሽንግተንና በአካባቢው የሚኖሩ ወገኖቻችን እንደሚነግሩን፣ የመጀመሪያዎቹ ዓመታት አብዛኛውን ጊዜ የሚያልፉት በመኪና ማቆሚያ ገንዘብ ተቀባይነት፣ በታክሲ ወይም በአረጋውያን መጦሪያ የሌሊት ፈረቃ ነው። ከእነዚህ መካከል ሌሊት ሠርተው ቀን እየተማሩ ዲግሪ የያዙ ብዙ ናቸውና ልፋታቸውን ማሳነሴ አይደለም፤ አንቺም ከእነሱ አንዷ ልትሆኚ ትችዪ ነበር። የምልሽ መስታወቱ መጨረሻውን እንጂ ሥራውን አያሳይም ነው። ከዚያም የሚጽፉልኝ አንባቢዎች አሉ፤ የእነሱ መስታወት የሚያሳያቸው ደግሞ እናታቸውን ለመቅበር የደረሱበትን ሕይወት ነው።

በነገራችን ላይ መስታወቶችሽን ከባልጩት መሥራትሽን ወድጄዋለሁ። እስከ ዛሬ ከተገኙት ጥንታዊ መስታወቶች ሁሉ የሚቀድሙት ቱርክ ውስጥ ቻታልሁዩክ በሚባል ስፍራ የተገኙት፣ ወደ 8,000 ዓመት የሚጠጋ ዕድሜ ያላቸው፣ ተፍቀውና ለዝበው የተሠሩ ባልጩቶች ናቸው። እንዲህ ያለው ድንጋይ ፊትን ያሳያል፤ ግን አጨልሞ፣ ቀለሙን ነስቶ ነው። በዚያ ላይ አንቺ ድምፁንም ወስደሽበታል። ታዲያ ወለላ ያቺ ሴት በምን እንደምትስቅ በምን አወቀች? ብቻውን ተቀምጦ የሚስቅ ሰው ሁሉ ደስተኛ ነው ማለት አይደለም። ጆቫኒ ካፑቶ የተባለ ኢጣሊያዊ ተመራማሪ በ2010 እ.ኤ.አ. ባሳተመው ጽሑፍ 50 ሰዎችን በደብዛዛ ብርሃን ፊታቸውን በተራ መስታወት ለአሥር ደቂቃ እንዲያዩ አድርጎ ነበር፤ ከእነሱ መካከል ሁለት ሦስተኛ ያህሉ የገዛ ፊታቸው ተለዋውጦ እንግዳ ሲሆንባቸው አይተዋል። መስታወቶቹ አስማት አልነበራቸውም፤ ብርሃኑ ጥቂት፣ የታየበትም ጊዜ ረጅም ስለሆነ ብቻ ነው። አንቺም ሦስት ዓመት ሙሉ የጻፍሽው በእኩለ ሌሊት፣ ደክሞሽ፣ ብቻሽን ነው።

ወደ ዋናው ነገር ልምጣ። ከደብዳቤሽ ውስጥ ደጋግሜ ያነበብኩት ዓረፍተ ነገር «ሂደቱን ጀምሬ ሳልገፋበት ቀነ ገደቡ አለፈ» የሚለው ነው። ቀነ ገደቡ ራሱ መጥቶ ራሱ የሄደ ይመስላል። የቅድሙ ጊሎቪችና ሜድቬክ በሌላ ጥናታቸው እንዳሳዩት፣ ሰው ለቅርብ ጊዜው በሠራው ይጸጸታል፤ ዕድሜውን ወደ ኋላ ዞሮ ሲያይ ግን አብልጦ የሚቆጨው ባልሠራው ነው። ስለዚህ ከ14 ዓመት በኋላ ይህ ስሜት መምጣቱ የሚያስደነግጥ አይደለም። የምጠይቅሽ ግን ይህን ነው፦ ያን ጊዜ መርጠሽ ነው የቀረሽው ወይስ ሳትመርጪ ቀኑ አለፈብሽ? መልሱን ለእኔ አትላኪው። እሱም ይህን ጥያቄ 13 ዓመት ይዞት የኖረ ይመስለኛል። «ከፈለግሽ ሂጂ፤ እኔ አልይዝሽም» ያለው ሰው «አልሄድም፤ አንተን መርጫለሁ» የሚል መልስ ሰምቶ ያውቃል? ወይስ አንድ ቀን ጊዜው እንዳለፈ ብቻ ተነግሮት፣ ከዚያ ሠርግ፣ ከዚያ ለቅሶ፣ ከዚያ ልጆች ተከታትለው ነገሩ ተዳፍኖ ቀረ? ተመርጦ ይሁን በቀነ ገደብ ምክንያት የቀረለት ይሁን ያላወቀ ባል፣ ያንን መስታወት ሲያነብ መልሱን ያገኘ ይመስለዋል።

ይህን እንድትነግሪው እፈልጋለሁ። ልጆቹ በሌሉበት፣ ሁለታችሁም ባልደከማችሁበት ሰዓት ይሁን፤ እሑድ ከሰዓት ልጆቹ አክስታቸው ወይም አያታቸው ዘንድ ውለው፣ እናንተ ቡና ጠጥታችሁ ስትጨርሱ ቢሆን ደግ ነው። መኝታ ቤት ውስጥ አታድርጊው፤ እሱ ተሰድዶ በወጣበት ክፍል ይህ ወሬ ከባድ ይሆንበታል። ለመጀመሪያው ጊዜ ሽማግሌም አትጥሪ፤ ሽማግሌ ሲመጣ ነገሩ ክስ ይሆናል፤ ባልሽ ደግሞ አልከሰሰሽም። አጀማመሩ ከጠፋሽ እንዲህ ብለሽ ጀምሪው፦ «ያን ቀን ወለላ አንቺ ነሽ ወይ ስትለኝ ዋሸሁህ። ግማሿ እኔ ነኝ። ያየሁትን ልንገርህ፤ ከዚያ ደግሞ ያላየሁትንም እነግርሃለሁ።» ከዚያም ስለ ቤተ መጻሕፍቱ ንገሪው። ስለ ቁጭቱ ሳታሳንሺም ሳታጋንኚም ንገሪው። መርጠሽ የቀረሽ ከሆነ ደግሞ «መርጬ ነው» በዪው፤ መርጠሽ ካልሆነ ይህንኑ ንገሪው፤ ነገር ግን ከቀረሽ በኋላ እሱን ስንት ጊዜ እንደመረጥሽው ጨምሪለት። አንድ ነገር አደራ፣ ለማጽናናት ብለሽ «ምንም አልቆጭም» አትበዪው። አያምንሽም፤ ወለላንም ትደግሚያታለሽ።

ከዚያ ዝም በዪ። ዝምታው ቢረዝም አትሙዪው። ምናልባት ይቆጣ ይሆናል፤ አንድ ወር ሙሉ የዋጠው ቁጣ አለና ከሶፋው ዝምታ ይሻላል። ሲረጋጋ ጥያቄ ጠይቂው። እንደ እኔ ከሆነ የምትጠይቂው ስለ ክራሩ ነው። በደብዳቤሽ ውስጥ ሳታስቢው ሹልክ ብሎ የገባ ነገር ነው፤ ሰውየው ሌሊቱን የሚያሳልፈው በጨርቅ ከተጠቀለለ ክራር ሥር ነው። ያ ክራር መቼ ተሰቀለ? እናቱ ሲታመሙ ነው? ሴት ልጃችሁ ስትወለድ ነው? እሱ 30 ዓመት በሞላው ቀን ወደ ዋሻው ቢወርድ ኖሮ ምን ያይ ነበር? አንቺ ያልኖርሽውን ሕይወት በ13 ዓመት ውስጥ አስበሽ፣ ጽፈሽ፣ ምዕራፍ ሰጥተሽዋል፤ የእሱን ያልተኖረ ሕይወት ግን ከእሱ ሌላ የሚያውቀው ያለ አይመስለኝም። በድርሰትሽም ቢሆን ሸማኔው ደጅ ቆሞ ይጠብቃል እንጂ ወደ ዋሻው ሲወርድ አላየነውም። እሱስ 30 ዓመት አልሞላውም?

ለልጅሽ የምትመልሺውን ደግሞ ዛሬውኑ መልሺላት፤ ከአባቷ ጋር እስክትነጋገሩ አታቆያት። የ11 ዓመት ልጅ ለዝምታ የራሷን ታሪክ ትፈጥርለታለች፤ ብዙውን ጊዜም ጥፋተኛዋን ራሷን ታደርጋለች። «አባዬ በእኔ አዝኖብኛል፤ ልንነጋገርበት ነው፤ በእናንተ የመጣ ነገር አይደለም» ካልሻት ይበቃታል።

ስለ ማሳተሙ። ባለቤትሽ ያነበበው አንድ ምዕራፍ ብቻ ከሆነ የፈረደው በአንዲት ክፍል ተቀምጦ በቤቱ ሁሉ ላይ ነው። ከንግግራችሁ በኋላ ሙሉውን ረቂቅ ስጪውና እንደ አንባቢ ያንብበው። ይፍቀድልሽ እያልኩ አይደለም፤ መጽሐፉ ያንቺ ነው፤ ይታተም አይታተም የምትወስኚው አንቺ ነሽ። ነገር ግን ሻይ ሲጠጣ የሚጨፈነው ዓይን ያንቺ አይደለም፤ የእሱ ነው። ዘመድ የሚያውቀውን እንዲህ ያለ ነገር ይቅር ካለሽ ያለ ክርክር አውጪው፤ ሸማኔው ሌላ ልማድ ቢያገኝ ታሪኩ አይጎድልበትም። ቤተ መጻሕፍቱን፣ ጋቢውንና ያቺን «ምንም» የምትል ቃል ግን አስቀሪያቸው። ለአሳታሚ መስጠቱን እሱ አንብቦ እስኪጨርስ ብታቆዪው መልካም ነው፤ ሦስት ዓመት የጠበቀ ረቂቅ ሁለት ወር ቢጨምር አይሻግትም።

ሥነ ጽሑፍ የመማሩንም ነገር ከመስታወቱ አውጥተሽ ለብቻው እይው። ከዚያ ሕይወት ውስጥ ዛሬ በእውነት የምትፈልጊው ምኑን ነው? አገሩን? ብቻነቱን? ትምህርቱን? ብቻነቱን ከሆነ በሳምንት አንድ ከሰዓት በኋላ ያንቺ ብቻ እንዲሆን ከባልሽ ጋር መስማማት ይቻላል፤ ሁለት ልጅ ያላት የሒሳብ ሠራተኛ ይህን መመኘቷ በደል አይደለም። ትምህርቱን ከሆነ እዚሁ ከተማ ውስጥ ሥራ ላይ ላሉ ሰዎች የሚሰጡ የማታና የቅዳሜና እሑድ ትምህርቶች አሉ፤ የመግቢያ መስፈርታቸውንና ክፍያቸውን እስከ መጪው ምዝገባ ማጣራት ትችያለሽ። አገሩን ከሆነ እንኳ ስሙን ጠርተሽ ለባልሽ ብትነግሪው ይሻላል፤ ሁለታችሁ ተቀምጣችሁ የምታስቡበት ጉዳይ ይሆናልና። እኔን ከጠየቅሽኝ ግን ያቺ የመስታወቱ ሴት ሌሎች የጻፉትን ታነባለች እንጂ አንድ ገጽ ስትጽፍ አላየኋትም።

ይህን ሁሉ አድርገሽ እሱ ሶፋው ላይ ቢቀርስ? ወዲያው ላይነሣ ይችላል፤ ሁለት ሦስት ሳምንት ታገሺው፤ በመካከሉም አንድ ጊዜ ብቻ፣ ሳትለምኚ፣ «መነጋገር ስትፈልግ አለሁ» በዪው። ከዚያም ካልሆነ ሁለታችሁም የምታምኑትን ሦስተኛ ሰው ፈልጉ፤ የጋብቻ አማካሪ ሊሆን ይችላል፤ የንስሐ አባት ካላችሁም እሳቸው ይሆናሉ። አንቺም እንቅልፍና የምግብ ፍላጎት እያጣሽ ከሆነ፣ ወይም ሐዘኑ ከሁለት ሳምንት በላይ ቀን በቀን የሚጫንሽ ከሆነ፣ የእሱን መመለስ ሳትጠብቂ ለራስሽ ባለሙያ አነጋግሪ።

ከሁሉ በፊት ግን አንድ ቀላል ነገር አለ። ነገ ከሥራ ስትወጪ መሳቢያውን ክፈቺና ደብተሩን ይዘሽው ወደ ቤት ግቢ። አትደብቂው፤ እጁ ላይም አታስቀምጪበት። እሱ ራሱ ያን ምሽት ካስቀመጠው ቦታ፣ ከወጥ ቤቱ ጠረጴዛ ላይ፣ አኑሪው።